መጥሪያ ያልደረሰው ወራሽ ያለበት ቤት ርካሽ አይደለም

ከአትክልት ተራ እስከ ፒያሳ ባለው አካባቢ ቤት ወይም ሱቅ ለመግዛት የሚፈልግ ነጋዴ ከደላላ የሚሰማው የመጀመሪያ ቃል «ካርታው ንፁህ ነው» የሚል ነው። ዕዳ የለበትም፣ እገዳ የለበትም፣ የወራሾቹ ክርክር በፍርድ ቤት አልቆ ለሽያጭ የቀረበ ነው ይባላል። ዋጋውም በአካባቢው ከሚጠራው ዝቅ ያለ በመሆኑ ገዢው ቶሎ ቀብድ ለመስጠት ይጣደፋል። ይሁን እንጂ በጋራ ባለሀብቶች መካከል ክርክር ተካሂዶበት በወጣ ቤት ላይ ካርታው የማያሳየው አንድ ጉዳይ አለ። ይኸውም ባለድርሻዎቹ በሙሉ ሕጉ በሚያዘው መንገድ ተጠርተው ነበር ወይ የሚለው ነው።

አንድ ባለድርሻ ሳይጠራ የተሰጠ የክፍፍል ፍርድ በወረቀት ላይ ያለቀ ይመስላል እንጂ አላለቀም። ያልተጠራው ሰው መጥቶ ፍርዱን ለማስነሳት የሚያስችሉት በሮች በሕጉ ተከፍተውለታል። በሮቹ ክፍት ሆነው እስከቆዩ ድረስ ገዢው የገዛው ቤትን ከነክርክሩ ነው። ስለዚህ የመጥሪያ አደራረስ የጠበቆች ጉዳይ ብቻ ተደርጎ የሚታይ አይደለም፤ የቤቱ ዋጋ አንዱ አካል ነው።

ጉዳዩ በአራዳ ለምን ይከብዳል?

አራዳ የአዲስ አበባ ዋናው ገበያ የነበረበት ሥፍራ ነው። በጣሊያን ወረራ ዘመን ትልቁ ገበያ ወደ መርካቶ ከተዛወረ በኋላም አካባቢው የንግድ ጠባዩን አልለቀቀም። በፊት ለፊት ሱቅ፣ በጓሮ መኖሪያ የሆኑ ይዞታዎች ከአያት ወደ ልጅ፣ ከልጅ ወደ ልጅ ልጅ ሲተላለፉ ኖረዋል።

በሐምሌ 1967 ዓ.ም. የወጣው የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ያደረገው አዋጅ ቁጥር 47/1967 ብዙዎቹን ቤቶች ከግል እጅ አውጥቷል። በዚህ የተነሳ በፒያሳና በአትክልት ተራ ዙሪያ ከሚታዩት አሮጌ ቤቶች ብዙዎቹ የቀበሌ ወይም የኪራይ ቤቶች ናቸው። በግል እጅ የቀሩት ቁጥራቸው ጥቂት ስለሆነ ተፈላጊነታቸው ከፍ ያለ ነው። ከእነዚህም ውስጥ ካርታው ዛሬም በሟች አያት ወይም አባት ስም ያለው ጥቂት አይደለም። መሬቱ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሠረት የመንግሥትና የሕዝብ በመሆኑ ወራሾቹ የሚካፈሉት ቤቱንና የቦታውን የመጠቀም መብት ነው።

በቅርቡ ደግሞ አዲስ ችግር ተጨምሯል። በ2012 ዓ.ም. በኮሮና ወረርሽኝ ምክንያት የአትክልት ተራ ነጋዴዎች ወደ ጃንሜዳ ተዛወሩ። ከዚያም ገበያው በ2013 ዓ.ም. ወደ ኃይሌ ጋርመንት አካባቢ ሄደ። የዓድዋ ድል መታሰቢያ በፒያሳ በየካቲት 2016 ዓ.ም. ተመረቀ። በዚያው ዓመት በተጀመረው የኮሪደር ልማት ደግሞ በፒያሳና በአካባቢዋ በርካታ ነባር ቤቶች ፈርሰው ነዋሪዎቻቸው ወደ ሌሎች የከተማው ክፍሎች ሄደዋል።

ይህ ለመጥሪያ ምን ያደርጋል ቢባል፣ አድራሻን ያጠፋል። ቀድሞ አንድ ሰው ቢጠፋ ጎረቤት፣ የዕድር ለፋፊ ወይም የሰፈር ባለሱቅ የት እንዳለ ይናገር ነበር። አሁን በር ላይ ይለጠፍ ቢባል በሩ የለም፤ ጎረቤት ይጠየቅ ቢባል ጎረቤቱ ራሱ ሰፈር ለቋል። ከወራሾቹ አንዱ አዲሱ ሰፈር፣ ሌላው ዋሽንግተን ወይም ቶሮንቶ፣ ሦስተኛው ክፍለ አገር ቢሆን «አድራሻቸው አይታወቅም» ብሎ ለፍርድ ቤት ማመልከት ከምንጊዜውም ይልቅ ቀላል ሆኗል።

የጋራ ባለሀብትና የመካፈል መብቱ

ከመስከረም 1953 ዓ.ም. ጀምሮ የሚሠራበት የፍትሐ ብሔር ሕግ የጋራ ባለሀብትነትን ከአንቀጽ 1257 ጀምሮ ይደነግጋል። የተለየ ስምምነት ከሌለ የባለድርሻዎች ድርሻ እኩል እንደሆነ ይገመታል። የጋራውን ንብረት በሙሉ ለመሸጥ ወይም ለመያዣ ለመስጠት የሁሉም ስምምነት ያስፈልጋል። ባንኮች አንድ ወራሽ ብቻውን ይዞት የመጣውን ቤት በመያዣነት የማይቀበሉበትም ምክንያት ይኸው ነው።

በሌላ በኩል ሕጉ ማንንም ሰው በጋራ ንብረት ውስጥ ለዘላለም ታስሮ እንዲኖር አያስገድድም። አንዱ ባለድርሻ «ይበቃኛል፣ ድርሻዬ ይለይልኝ» ብሎ ሊከስ ይችላል። ንብረቱ ዋጋው ሳይጎዳ በዓይነት የሚከፈል ከሆነ ይከፈላል። ሁለት ክፍል ሱቅና አንድ ጓዳ ያለበትን የአራዳ ይዞታ ለአምስት መክፈል ግን በአብዛኛው አይቻልም። የከተማው አስተዳደርም ከዝቅተኛው የቦታ መጠን በታች ካርታ አይከፍልም። በመሆኑም መጨረሻው አንዱ ወራሽ የሌሎቹን ድርሻ ገምቶ መክፈል፣ ካልሆነም ቤቱ በሐራጅ ተሸጦ ገንዘቡን መከፋፈል ነው። ገዢውና ደላላው ወደ ጉዳዩ የሚገቡት በዚህ ጊዜ ነው።

መጥሪያ እንዴት ይደርሳል?

በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ የመጥሪያ አደራረስን በቅደም ተከተል አስቀምጧል። መነሻው መጥሪያው ለተከሳሹ በእጁ መሰጠቱ ነው። ሕጋዊ ወኪል ካለው ለወኪሉ ይሰጣል። በቤቱ ካልተገኘ አብሮት ለሚኖር ለአካለ መጠን ለደረሰ የቤተሰብ አባል ሊሰጥ ይችላል። አልቀበልም ካለ መጥሪያው በሚኖርበት ቤት በር ላይ ተለጥፎ ይኸው ለፍርድ ቤቱ በጽሑፍ ይገለጻል።

በእነዚህ መንገዶች ማድረስ እንዳልተቻለ ፍርድ ቤቱ ሲያምን ብቻ በአንቀጽ 105 መሠረት ምትክ የሆነ አደራረስ ያዛል። በፍርድ ቤቱ ግቢና ተከሳሹ መጨረሻ በኖረበት ወይም በሠራበት ቤት ላይ መለጠፍ ወይም ፍርድ ቤቱ በመረጠው ሌላ መንገድ ማስታወቅ ማለት ነው። በተግባር የተለመደው የጋዜጣ ጥሪ ነው። የጋዜጣ ጥሪ እንግዲህ የመጨረሻው አማራጭ እንጂ የመጀመሪያው አይደለም።

እዚህ ላይ የኢኮኖሚ ሰዎች «ማበረታቻ» የሚሉትን ነገር ልብ ማለት ይገባል። በፍርድ ቤቶቻችን በብዙ መዝገቦች መጥሪያውን ይዞ የሚሄደው ራሱ ከሳሹ ነው። አድርሻለሁ ወይም ፈልጌ አጥቻለሁ ብሎ ቃለ መሐላ የሚያቀርበውም እርሱ ነው። በቤት ክፍፍል ክርክር ደግሞ ከሳሹ የተከሳሹ ወንድም ወይም እህት ነው። የእህቱን የስልክ ቁጥር ያውቃል፤ ባለፈው ፋሲካ ደውላለት ሊሆን ይችላል። እርሷ ብትቀር ክርክሩ እንደሚያጥርለትም ያውቃል። አድራሻዋን የማግኘት አቅሙ ከማንም በላይ የሆነው ሰው አለማግኘቷ ከማንም በላይ የሚጠቅመው ሰው ሆኖ ይገኛል። የመጥሪያ ወረቀቱ በጥንቃቄ መታየት ያለበት ለዚህ ነው።

ተከሶ ያልተጠራና ጭራሹን ያልተከሰሰ

በገበያው ዘንድ ሁለቱ እንደ አንድ ሲወሰዱ ይታያል። በሕግ ግን የተለያዩ ናቸው።

የመጀመሪያው በክሱ ላይ ስሙ ተጠቅሶ መጥሪያ ያልደረሰው ሰው ነው። በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 70 መሠረት ተከሳሹ ሳይቀርብ ክርክሩ በሌለበት የሚቀጥለው መጥሪያው በሚገባ መድረሱ ሲረጋገጥ ነው። ካልደረሰው እንደገና ሊጠራ ይገባል። ይህ ሳይሆን ከተፈረደበት በአንቀጽ 78 መሠረት ፍርዱን ባወቀ በ1 ወር ውስጥ መጥሪያ አልደረሰኝም ብሎ ማመልከት ይችላል። ፍርድ ቤቱም አቤቱታውን ካመነበት ፍርዱን አንስቶ ክርክሩን እንደገና ይሰማል። እዚህ ላይ ገዢ ልብ ሊለው የሚገባው 1 ወሩ የሚቆጠረው ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን ሳይሆን ሰውየው ካወቀበት ቀን መሆኑን ነው። ፍርዱ ከተሰጠ ዓመት አልፎታል ማለት በራሱ ዋስትና አይሆንም።

ሁለተኛው ባለድርሻ ሆኖ ሳለ በክሱ ላይ ስሙ ጭራሹን ያልተጠቀሰ ሰው ነው። ይህ ሰው በአንቀጽ 358 መሠረት የክርክሩ ተካፋይ መሆን ሲገባኝ ሳልካፈል መብቴን የሚነካ ፍርድ ተሰጥቷል ብሎ መቃወሚያ ሊያቀርብ ይችላል። ሕጉ የሚጠይቀው መቃወሚያው ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት እንዲቀርብ ነው። ከሐራጁ ማስታወቂያ ጀምሮ ገንዘቡ ተከፋፍሎ እስኪያልቅ ያለው ጊዜ እጅግ አስጊ የሚሆነው በዚህ ምክንያት ነው። ከዚያ በኋላም ቢሆን ነገሩ የተዘጋ ነው ማለት አይደለም። የውርስ ንብረት በማይገባው ሰው ተይዞብኛል የሚል ወራሽ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1000 መሠረት መብቱንና ንብረቱ በሌላ መያዙን ካወቀ በ3 ዓመት፣ በመርህ ደረጃም በ15 ዓመት ውስጥ ሊጠይቅ ይችላል።

«የወራሽነት ማረጋገጫ አይተናል፣ የተጻፉት ሦስት ሰዎች ብቻ ናቸው» የሚል ገዢ ይኖራል። ማረጋገጫው የሚሰጠው በአመልካቾቹ ጥያቄና ባቀረቡት ማስረጃ መነሻነት ነው። ያላመለከተ ወራሽ ስሙ ሊቀር ይችላል። ሕጉ በማስረጃው ተማምኖ በቅን ልቦና ለገዛ ሰው የተወሰነ ጥበቃ ያደርጋል። ሌላ ወራሽ መኖሩን በእርግጥ እያወቀ የገዛ ሰው ግን በዚህ ጥላ ሥር ሊጠለል አይችልም። ደላላው በቡና መካከል «አንዷ አሜሪካ ናት፣ እርሷ ችግር የለባትም» ብሎ የነገረው ገዢ በዚያች ቅጽበት መከላከያውን አሳልፎ ሰጥቷል ማለት ይቻላል።

ስሌቱ ሲወጣ

ነገሩን በቁጥር እንየው። ቁጥሮቹ ለምሳሌ ያህል የተወሰዱ ናቸው። በገበያ 10 ሚሊዮን ብር የሚያወጣ ቤት አራት እኩል ወራሾች አሉት እንበል። ሁሉም ተጠርተው፣ ተስማምተው ወይም ተከራክረው ቢሸጥ እያንዳንዳቸው 2 ሚሊዮን 500 ሺህ ብር ያገኛሉ።

አሁን ሦስቱ አራተኛዋን እህታቸውን ትተው ተካሰሱ እንበል። ወሬው በደላላው ዘንድ ስለማይደበቅ ተጫራቾች ዋጋ ይሰብራሉ፤ ቤቱ በ8 ሚሊዮን ብር ይሸጣል። ለሦስት ሲካፈል ለእያንዳንዳቸው 2 ሚሊዮን 667 ሺህ ብር ገደማ ይደርሳቸዋል። ከሐቀኛው መንገድ የሚበልጠው 167 ሺህ ብር ገደማ ብቻ ነው። ቤቱ በ7 ሚሊዮን 500 ሺህ ብር ቢሸጥ ደግሞ ትርፋቸው ዜሮ ይሆናል፤ ከዚያ በታች ከሆነ ከስረዋል። ለዚህች ገንዘብ ሲባል ለጠበቃ የሚከፈለው፣ የሚፈርሰው ዝምድናና ነገ ሊመጣ የሚችለው የመመለስ ክስ ሲታሰብ ሥራው ለራሳቸው ለወራሾቹም አያዋጣም።

ገዢውስ? 2 ሚሊዮን ብር ያተረፈ ይመስለዋል። ገንዘቡን በ15 በመቶ ወለድ ተበድሮ ከሆነ የ8 ሚሊዮን ብር የዓመት ወለድ 1 ሚሊዮን 200 ሺህ ብር ነው። እህትየዋ መጥታ እገዳ ብታስወጣና ቤቱ ስሙ ሳይዛወር 1 ዓመት ከ8 ወር ቢቆም ርካሽ ነው የተባለበት 2 ሚሊዮን ብር በወለድ ያልቃል። ከሱቆቹ ሊገኝ የነበረው ኪራይ ሲታከል ጊዜው ከዚህም ያጥራል። የፍትሐ ብሔር ክርክር ከይግባኝና ከሰበር ጋር 1 ዓመት ከ8 ወር መውሰዱ የሚያስደንቅ አይደለም። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች የሚባለው ለዚህ ዓይነቱ ግዢ ነው።

ሌላው ዓለም ምን አደረገ?

የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1950 እ.ኤ.አ. ሙሌን በተባለው መዝገብ በሰጠው ውሳኔ፣ ስማቸውና አድራሻቸው ለሚታወቅ ባለመብቶች የጋዜጣ ማስታወቂያ ብቻ በቂ አይደለም አለ። ማስታወቂያ ለይስሙላ የሚደረግ ሳይሆን ሰውየውን በእውነት ለማግኘት የሚፈልግ ሰው የሚያደርገው ዓይነት መሆን አለበት የሚል መለኪያ አስቀመጠ።

የደቡብ አሜሪካ ግዛቶች የጥቁር ገበሬዎች የውርስ መሬት ባለድርሻዎቹ ሳይሰሙ በርካሽ በሐራጅ መሸጡ ሲያስነቅፍ ከቆየ በኋላ፣ በ2010 እ.ኤ.አ. ክፍላተ ግዛቱ እንዲቀበሉት አንድ ወጥ የሕግ ረቂቅ ተዘጋጀ። ዛሬ ከ20 በላይ ክፍላተ ግዛት ተቀብለውታል። በዚህ ሕግ መሠረት የውርስ ንብረት ይካፈልልኝ ብሎ በጋዜጣ ጥሪ እንዲደረግ የሚጠይቅ ከሳሽ በራሱ በንብረቱ ላይ በግልጽ የሚታይ ሰሌዳ መትከል አለበት። በሰሌዳው ላይ ክስ መቅረቡና የፍርድ ቤቱ ስምና አድራሻ ይጻፋል። ንብረቱ ከመሸጡ በፊትም ገለልተኛ ግምት ተሠርቶ፣ ሽያጭ ያልጠየቁት ባለድርሻዎች የጠያቂውን ድርሻ ለመግዛት 45 ቀን ይሰጣቸዋል።

እኛም ዘንድ ይህን ለማድረግ ብዙ ወጪ አይጠይቅም። ፍርድ ቤት በአንቀጽ 105 ሥር «በመረጠው ሌላ መንገድ» የማዘዝ ሥልጣን አለው። ቤቱ ቆሞ ካለ በሱቁ በር ላይ፣ ሰፈሩ ፈርሶ ከሆነ ነዋሪዎቹ በተዛወሩበት ወረዳና ቤተሰቡ አባል በሆነበት ዕድር ዘንድ ማስለጠፍ ከጋዜጣ ጥሪ ጎን ለጎን ሊታዘዝ ይችላል። አንድ ወረቀትና የአንድ ቀን መንገድ ነው።

ቀብድ ከመስጠት በፊት

በክፍፍል ክርክር የወጣ ቤት ለመግዛት ወይም በሐራጅ ለመጫረት ያሰበ ነጋዴ የሚከተሉትን ቢያደርግ ይበጀዋል።

1ኛ. ቤቱ የግል መሆኑንና ካርታው በማን ስም እንዳለ በአስተዳደሩ የይዞታ ጽሕፈት ቤት ማረጋገጥ። ካርታው በሟች ስም ከሆነ ሟች ስንት ልጆች እንደነበሩት ከማረጋገጫው ውጭም መጠየቅ። የቀድሞ ጎረቤትና ዕድር ከመዝገብ ይልቅ ያውቃሉ።

2ኛ. የፍርዱን ግልባጭ ብቻ ሳይሆን ሙሉ መዝገቡን በጠበቃ ማስመርመር። በፍርዱ ላይ «ተከሳሾች ባለመቅረባቸው» የሚል ቃል ከተገኘ መጥሪያው ለማን፣ በየትኛው ቀን፣ በምን መንገድ እንደደረሰ የሚያሳየውን ወረቀት መፈለግ።

3ኛ. ጥሪው በጋዜጣ ከሆነ ከዚያ በፊት በአካል ለማድረስ ምን ሙከራ እንደተደረገ ማየት። በመዝገቡ ውስጥ አንድ መስመር ቃለ መሐላ ብቻ ካለ አደጋው ከፍተኛ ነው።

4ኛ. ውጭ አገር ያለ ባለድርሻ ካለ በኤምባሲ በኩል የተሰጠ፣ በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴርና በሰነዶች ማረጋገጫ የተመዘገበ ውክልና መጠየቅ። ውክልናው መሸጥን ወይም በክፍፍሉ መስማማትን በግልጽ መጥቀስ አለበት። የጠቅላላ አስተዳደር ውክልና ለሽያጭ አይበቃም።

5ኛ. በሐራጅ ከሆነ የግምቱን፣ የማስታወቂያውንና የጨረታውን ሥርዓት መከታተል። በብዙ ሐራጆች የመነሻ ዋጋው አንድ አራተኛ በሲፒኦ ስለሚያዝ፣ በኋላ በሥርዓት ጉድለት ሽያጩ ቢፈርስ የገንዘቡ መታሰር ራሱ ኪሣራ ነው።

6ኛ. የቀረ ባለድርሻ እንዳለ ከታወቀ ቀጥታ ራሱን ማነጋገር። ድርሻውን ተቀብሎ በሰነዶች ማረጋገጫ ፊት ቢፈርም የሚከፈለው ገንዘብ ከክርክር ሁልጊዜ ይቀላል።

ለደላሎችም አንድ ቃል አለ። ኮሚሽን የሚገኘው ሽያጩ ሲጸና ነው። ባለድርሻ ደብቆ ያሻሻጠ ደላላ ኮሚሽኑን ሲያስመልሱት፣ ሲብስም ምስክር ሆኖ ፍርድ ቤት ሲመላለስ ይከርማል።

ባለድርሻ ሆነው አድራሻቸውን የቀየሩ አንባቢያን ደግሞ ሌላው እስኪፈልጋቸው ባይጠብቁ ጥሩ ነው። ከአራዳ ተነስተው ወደ ሌላ ክፍለ ከተማ የሄዱ፣ እንዲሁም ውጭ አገር ያሉ ወራሾች አዲሱን አድራሻቸውን ለቤተሰቡ በጽሑፍ ቢያሳውቁና እዚህ አንድ ወኪል ቢያቆሙ «አድራሻው አይታወቅም» የሚለው ቃል ከመዝገብ ላይ ይጠፋል። ቤቱ ለልማት ተነስቶ ከሆነም ካሣውና ምትኩ የጋራ ሀብቱ ተቀጽላ ነውና በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 መሠረት ለባለይዞታው የሚከፈለው ለማን እንደተከፈለ በጊዜ መጠየቅ ያስፈልጋል። ገንዘብ ከቤት ይልቅ ቶሎ ይበተናል፤ ከተበተነ በኋላ የሚመጣ መጥሪያ ደግሞ የሚያስገኘው ጥቂት ነው።